በወደቡ አፍ ላይ የተለቀቀው ገመድ

በ1985 ዓ.ም. ከፋሲካ በኋላ ባለው ሳምንት፣ ፍሬሰላም ገብረጻድቃን የሰርግ ጥሪዋን ይዛ ከካዛንቺስ ወደ ቂርቆስ ወረደች። ካርዱን በሰው መላክ ትችል ነበር። እትዬ ለተገብርኤል ግን በሰው የሚላክላቸው ሴት አይደሉም። ባለቤታቸው ሃምሳ አለቃ ኃይለገብርኤል አሰብ ወደብ ላይ የባሕር ኃይሉ ጎታች ጀልባ አዛዥ ነበሩ። ከሁለት ዓመት በፊት፣ ጦሩ በተበተነበት ግንቦት፣ ባሕር ላይ ሞተዋል። ፍሬሰላም አሰብ አስተማሪ በነበረችበት ጊዜ እንደ ልጃቸው ነበር የሚያዩዋት፤ ከሞቱ በኋላ እሷም ባለቤታቸውን መጠየቅ አላቋረጠችም።

ከቤተ ክርስቲያኑ በስተጀርባ ባለው ጠባብ መንገድ ገብታ የቆርቆሮውን በር ገፋ አደረገችው። እዚያ ቤት አንኳኩታ አታውቅም።

«እትዬ፣ ዛሬ ደግሞ ጠሪ ሆኜ መጣሁ» አለች እየሳቀች።

እትዬ ለተገብርኤል አልሳቁም። ነጠላቸውን አፋቸው ላይ ይዘዋል፤ ዐይናቸው አብጧል። ቀና ብለው አዩዋትና ወዲያው ወደ ጥጉ ዞሩ። ጥጉ ላይ፣ አልጋው ጫፍ፣ አንድ ሰው ተቀምጧል። የሻይ ብርጭቆውን የያዘበት ግራ እጁ ሁለት ጣት ይጎድለዋል።

መጀመሪያ ያወቀችው አንገቱን ነው። ጉተማ ሰው ሲያናግረው አንገቱን ወደ ግራ ዘንበል ያደርጋል፤ ሞተር አጠገብ ብዙ ስለኖረ አንዱ ጆሮው ከበድ ይላል። አሁንም እንደዚያው ዘንበል አድርጎ ያያታል። ፊቱ ከስቶ ጉንጩ ገብቷል። ሸሚዙ የሌላ ሰው ይመስል ትከሻው ላይ ተንጠልጥሏል።

«ጉተማ» አለች።

«ፍሬ።» ሊነሳ ፈለገና ተወው። ዐይኑ እጇ ላይ ወዳለው ባለ ወርቃማ ጽሑፍ ካርድ ወረደ። «የማን ሰርግ ነው?»

«የኔ።»

«እንኳን ደስ ያለሽ።»

ያንን ሲል ድምፁ ውስጥ ምሬት አልነበረም፤ ያቃጠላትም ያ ነው። ዓመት ሙሉ ለዚህ ሰው የሚነገር ቃል ስታጠራቅም ኖራለች። አልጋዋ ላይ ተኝታ፣ የተማሪዎቿን ደብተር እያረመች፣ ታክሲ ውስጥ ተጣብባ ተቀምጣ፣ አንድ ቀን ባገኘው እንዲህ እለዋለሁ ስትል ኖራለች። አሁን ከዚያ ሁሉ የመጣላት አንድ ብቻ ነው።

«ባለቤትህስ ደህና ናት?»

«የቷ ባለቤቴ?»

«አሰብ ያገባሃት። ለሷ ብለህ አይደል የቀረኸው?»

ጉተማ ወደ እትዬ ለተገብርኤል ዞረ፤ የሰማው ቋንቋ እንዳልገባው ሰው፣ እሳቸው እንዲተረጉሙለት የፈለገ መሰለ። እሳቸው አንገታቸውን ደፉ።

«ፍሬ» አለ ቀስ ብሎ፤ «እኔ ምርኮኛ ነበርኩ።»

ፍሬሰላም ካርዱን አልጋው ላይ ትታ ወጣች። እንዴት ታክሲው ማቆሚያ እንደደረሰች አታውቅም። ሰው ገፋት፤ ረዳቱ «ካዛንቺስ፣ ካዛንቺስ» ይላል፤ እሷ ግን ቆማ ቀረች። በልቧ ውሸታም ልትለው ሞከረች። ግን ያየችው የበደለ ሰው ዐይን አልነበረም። የፈራችውም ይህንኑ ነበር፤ እሱ ካልበደላት፣ የበደላት ሌላ ሰው አለ ማለት ነው።

* * *

የተዋወቁት አሰብ ነው። ፍሬሰላም ከመምህራን ማሠልጠኛ እንደወጣች እዚያ ተመደበች። አባቷ ኮማንደር ገብረጻድቃን የጦር መርከብ አዛዥ ስለነበሩ ቤት አልቸገራትም። ጠዋት ሙቀቱ ሳይበረታ ወደ ትምህርት ቤት ስትሄድ በወደቡ በኩል ታልፋለች። በመጀመሪያ የአባቷን መርከብ ለማየት ነበር። እየቆየ ግን ዐይኗ አጠገቡ ወዲያ ወዲህ በምትል አንዲት ትንሽ ጀልባ ላይ ይቀር ጀመር። ዙሪያዋን አሮጌ የመኪና ጎማ ታስሮላታል፤ ጥቁር ጭስ ትተፋለች፤ ሲያዩዋት አታምርም። መርከበኞቹ «በቅሎዋ» ይሏታል።

«ይህቺ ናት ያንን ሁሉ የምትጎትተው?» አለችው አንድ ቀን፣ መርከብ በሚታሰርበት የወደቡ ግንብ ላይ ወፍራም ገመድ የሚጠቀልለውን ወጣት።

«ትልልቆቹ የሚኮሩት ባሕሩ መሀል ሲደርሱ ነው» አላት ጉተማ ቀና ሳይል። «እዚህ መዞሪያ የላቸውም። ነፋስ ከባሕር ሲመጣ ግንቡ ላይ ይለጥፋቸዋል፤ በራሳቸው መላቀቅ አይችሉም። ያኔ እኛ ገመድ እንወስድና ቂጣቸውን እንስባለን።» ቀና ሲል የኮማንደሩ ልጅ መሆኗን አወቀ፤ ደነገጠ። «ይቅርታ፣ ማለቴ… የኋላቸውን።»

ፍሬሰላም እስከ ትምህርት ቤቱ በር ድረስ ብቻዋን እየሳቀች ሄደች።

በቅሎዋ ሥራ አታጣም። መርከብ ሲገባም ሲወጣም ቀድማ የምትነሳው እሷ ናት። ለጦር መርከቦቹ የሚጠጣ ውሃ ታመላልሳለች፤ ሞተሩ የሞተበትን ከባሕር ጎትታ ታስገባለች፤ መድፈኞች ሲለማመዱ ደግሞ ኢላማውን ከኋላዋ አስራ የምትጎትተው እሷው ናት። «የዚያን ቀን ሃምሳ አለቃ የገመዱን ርዝመት ደጋግመው ነው የሚለኩት» ይላት ነበር ጉተማ። «ተኳሹ ትንሽ ከሳተ ኢላማው እኛ ነና።» እሱ የሞተሩ ሰው ነበር። ከታች፣ መቆም በማይቻልበት ክፍል ውስጥ፣ ከላይ የሚመጣውን የደወል ትእዛዝ እየሰማ ኃይል ይጨምራል፣ ይቀንሳል። የጎተተውን መርከብ አብዛኛውን ጊዜ አያየውም። ክብደቱ ግን በሞተሩ ድምፅ ይታወቀዋል።

የቂርቆስ ልጅ ነው። አባቱ ለገሃር ባቡር ጣቢያ ዕቃ ተሸክመው አሳድገውታል። ይህን ሲነግራት እጁን ኪሱ ውስጥ ደበቀ፤ ናፍታ ቆዳው ውስጥ ስለገባ ሳሙና አያስለቅቀውም።

«እጅህን አምጣ» አለችው።

«ቆሻሻ ነው።»

«አምጣ አልኩህ።»

ከዚያ ወዲያ፣ ሥራ በሌለበት ማታ ማታ ሃምሳ አለቃ ኃይለገብርኤል እንዳላዩ ሆነው ጀልባዋ ላይ ያስቀምጧት ነበር። ጀልባዋ ከግንቡ ሳትላቀቅ፣ ሁለቱ ጎማ ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው፣ ሰማዩ ቀልቶ እስኪጠቁር ያወራሉ። ኮማንደሩ አንድ ጊዜ ከሩቅ አዩዋቸው። ያን ማታ እራት ላይ፣ ዓሣውን ከእሾሁ እየለዩ፣ «ጎታች ጀልባ ላይ ያለ ሰው ወደብ አፍ ድረስ ነው የሚያደርስሽ፤ ከዚያ አያልፍም» አሉ።

መጋቢት 1983 ላይ አባቷ አዲስ አበባ በሚሄድ አውሮፕላን አሳፈሯት። ጉተማ ሊሸኛት አልቻለም፤ በዚያ ሰዓት በቅሎዋ መርከብ ይዛ ነበር። በዋዜማው ግን «ፈቃድ እንዳገኘሁ ሽማግሌ እልካለሁ። ቢያባርሯቸውም ደግሜ እልካለሁ» ብሏት ነበር።

ግንቦት መጣ። ጦሩ ተበተነ፤ መርከቦቹ ወደ የመን ሸሹ። ከዓመት በኋላ አባቷ ከስተውና ሸብተው ካዛንቺስ ቤታቸው ሲገቡ፣ ፍሬሰላም እግራቸው ስር ተቀምጣ የጠየቀችው ስለ ጉተማ ነበር።

«ና አልነው» አሉ ኮማንደሩ። «እምቢ አለ። ገመዱን በገዛ እጁ ቆርጦ ወደ ወደቡ ተመለሰ። አሰብ ውስጥ ሴት ነበረችው፤ አታውቂም ነበር?»

አባቷ ሲዋሹ ሰምታ አታውቅም። ያን ሌሊት አለቀሰች፤ ሲነጋ አመነች። በጥር ወር ታዲዎስ የሚባል፣ ኡራኤል አካባቢ ኢንሹራንስ ውስጥ የሚሠራ፣ ትሑትና ደግ ሰው ሽማግሌ ሲልክ «እሺ» አለች። ያን እሺታ የወለደው ፍቅር አልነበረም። የሚጠበቅ ሰው እንደሌላት ስላመነች ነበር።

* * *

በማግስቱ ከትምህርት ቤት ስትወጣ በእትዬ ለተገብርኤል በኩል ላከችበት። ኡራኤል ቤተ ክርስቲያን አጠገብ ባለች አንዲት ሻይ ቤት፣ ከመኪናው ጩኸት ፈንጠር ብሎ ባለ ጠረጴዛ ተገናኙ። ጉተማ ሻዩን አዞ አልነካውም።

«ንገረኝ» አለችው። «ሁሉንም። ምንም ሳታስቀር።»

«አባትሽ ምን እንዳሉሽ መጀመሪያ አንቺ ንገሪኝ።»

ነገረችው። ስትጨርስ የጎደሉትን ጣቶቹን ስፍራ በሌላ እጁ ሸፈነው።

«ገመዱን ቆረጠ አሉ?» ለራሱ የሚናገር ይመስል ነበር። «ፍሬ፣ ገመዱ ነው እኔን የቆረጠኝ።»

ከዚያ ነገራት።

በዚያ ቀን ነፋሱ ከባሕር ነበር። መርከቦቹ ግንቡ ላይ ተለጥፈው፣ የወታደሩ ሚስትና ልጆች በየመርከቡ ተሳፍረው፣ ከከተማው ወገን መድፍ ይሰማል። በቅሎዋ አንዱን ስታወጣ ሌላው ይጠራታል። የመጨረሻው የኮማንደሩ መርከብ ነበር። ኮማንደሩ ከላይ ሆነው፣ «አውጡን፤ ወደቡ አፍ ስንደርስ ከጎናችን ተጠጉ፣ መሰላል አወርድላችኋለሁ» አሉ። ጀልባዋ ላይ ስድስት ነበሩ። ስድስቱም ሰሙ።

«ገመድ ሰጠንና መሳብ ጀመርን። መርከቧ አልነቃነቅ አለች፤ ሰው ከልክ በላይ ጭናለች። ሃምሳ አለቃ ከላይ ደወሉን ይመታሉ፣ ጨምር፣ ጨምር። ሞተሩ ከዚያ በላይ የለውም፤ ጨመርኩ። ገመዱ ተበጠሰ። ሌላ ገመድ ለማሰር ሰው ስላነሰ እኔም ወጣሁ። እጄ የሄደው እሱን ሳስር ነው፤ ገመዱ ሲወጠር እጄ ብረቱና ገመዱ መሀል ገባ። በጨርቅ አሰርኩትና ወደ ሞተሬ ወረድኩ። አወጣናት፣ ፍሬ። ወደቡ አፍ ድረስ አወጣናት።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያ ሃምሳ አለቃ ጀልባዋን ወደ መርከቧ ጎን አዞሩ። እኔ ወጥቼ ቆምኩ። አባትሽ በጣም ቅርብ ነበሩ፤ ከዚህ እዚያ በሩ ጋ ያለችው ሴትዮ ድረስ። ዐይን ለዐይን ተያየን። መሰላል አልወረደም። በእኛ በኩል ያለው የገመዱ ጫፍ ገና እንደታሰረ ነው፤ በእነሱ በኩል ያለውን ለቀቁት። የሚለቀቅ ገመድ ቀድሞ ይነገራል፣ ጀልባዋ እንድትስበው ጊዜ ይሰጣታል። ይሄንን ሰባት ዓመት ስንሠራ አንድም ቀን ተረስቶ አያውቅም። እነሱ ዝም ብለው ባሕር ውስጥ ጣሉት። መርከቧ ስትሄድ ውሃው ገመዱን ወደ እኛ ሳበውና ከጀልባዋ ስር የሚሽከረከረው የመቅዘፊያ ብረት ላይ ተጠመጠመ። ሞተሩ ጮኸና ጠፋ። መከተልም መመለስም አልቻልንም። እዚያው ቆመን ቀረን።»

ፍሬሰላም እጇን አፏ ላይ አደረገች።

«ሃምሳ አለቃ የሞቱት በኋላ በመጣው መድፍ ነው። መሪውን እንደያዙ። ትናንት ለባለቤታቸው የነገርኳቸው ይሄንን ነበር። ወደቡን የያዙት ተዋጊዎች እኛን ማረኩን። ታሰርን። ኋላ ያቺን ሞተር የሚያውቅ ሰው ስለሌላቸው አውጥተው እንዳሠራት አደረጉኝ። ሌሎቹ ሲለቀቁ እኔ ቀረሁ።»

«ለምን አላላክህብኝም? አንድ ቃል፣ ጉተማ። አንድ ቃል ብትልክ…»

«ልኬ ነበር» አለ። አሁን ዐይኑን ሙሉ አያት። «ሙሐሲን የሚባል የከባድ መኪና ሹፌር ነበር፤ እህል ሊጭን አሰብ ይመጣል። በመስከረም ቤታችሁ ድረስ ሄዷል። አንቺ ትምህርት ቤት ነበርሽ። አባትሽ ግቢ ውስጥ አስቀምጠው ምሳ አብልተውታል። ጉተማ በሕይወት አለ፣ እመጣለሁ ብሏል፣ ጠብቂኝ ብሏል፤ ይሄንን ሁሉ ነገራቸው። ‹እነግራታለሁ› አሉት።»

መስከረም። የታዲዎስ ሽማግሌዎች የመጡት በጥር ነው። አባቷ ሽማግሌዎቹ ፊት ቆመው፣ «ልጄ ከፈቀደች እኔ ምን እላለሁ» ሲሉ፣ ድምፃቸው እንዴት ረጋ ያለ እንደነበር አሁን ትዝ አላት። ደረቷ ውስጥ አንድ ነገር ቀስ ብሎ፣ ድምፅ ሳያሰማ፣ ተለቀቀና ሄደ።

* * *

ካዛንቺስ ቤታቸው ስትደርስ ድንኳን ተካዮቹ ግቢውን ለክተው እየወጡ ነበር። ኮማንደር ገብረጻድቃን በረንዳው ላይ ናቸው፤ ከባሕር ኃይል ከወጡ ወዲህም ጫማቸውን በየቀኑ ያስጠርጋሉ፣ የሰፈሩ ሰውም «ኮማንደር» ማለቱን አልተወም። እናቷ ወይዘሮ ሸዋአየሁ ለሰርጉ በርበሬ የሚቀነጥሱትን ሴቶች ጓሮ ትተው መጥተው፣ ከልጃቸው ፊት የሆነ ነገር አንብበው፣ በሩ ላይ ቀሩ።

«አባባ፣ ጉተማን አገኘሁት» አለች ፍሬሰላም።

ኮማንደሩ አልደነገጡም። ያ ነበር የመጀመሪያው መልሳቸው።

«ተቀመጪ።»

«አልቀመጥም። ሹፌር መጥቶ ነበር?»

«የማን ሹፌር?»

«ገብረጻድቃን» አሉ እናቷ ከበሩ፤ ባላቸውን በስማቸው ብቻ ሲጠሩ ፍሬሰላም ሰምታ አታውቅም። «አሁንስ ይብቃዎት። መጥቶ ነበር፣ ልጄ። እኔም ከወጥ ቤት ሆኜ ሰምቻለሁ።»

ፍሬሰላም ወደ እናቷ ዞረች። «አንቺም?»

«ይነግሯታል ብዬ ጠበቅኩ። ከዚያ ቀኑ አለፈ። ከዚያ ታዲዎስ መጣ፤ ደግሞ ሳቅሽ ተመለሰ። ምን ብዬ ላፍርሰው?» እናቷ ማልቀስ ጀመሩ። ፍሬሰላም ወደ እሳቸው አልሄደችም። ወደፊት ቀድማ ይቅር የምትላቸው እናቷን እንደሚሆን አውቃለች፤ አሁን ግን ፊቷን ወደ አባቷ መለሰች።

«ስሚኝ» አሉ ኮማንደሩ። «መርከቧ ላይ ስንት ሴት፣ ስንት ሕፃን እንደነበር አንቺ አታውቂም። መድፉ ግንቡን እየመታ ነው። ለስድስት ሰው ብዬ ባቆም ሁሉም ያልቅ ነበር። አዛዥ ሲሆኑ እንዲህ ያለ ነገር ይመጣል። ማንም መርከበኛ ይህንን ያውቃል።»

«እሺ። አምናለሁ፣ አባባ። ማቆም አይችሉም ነበር። ገመዱን ልቀቁ ያለውስ ማን ነው?»

«እኔ ነኝ።»

«ሳይነገራቸው?»

ኮማንደሩ ወደ ተጠረገው ጫማቸው አዩ።

«ጉተማ እዚያ ቆሞ አይተውት ነበር?»

«አየሁት።»

ፍሬሰላም ወደ እሳቸው ቀረበች። ከልጅነቷ ጀምሮ አባቷን «አንተ» ብላ አታውቅም፤ ቤታቸውም አልፈቀደውም። ቃሉ ግን ከአፏ ሲወጣ እሷም አላወቀችውም።

«እውነቱን ንገረኝ። ገመዱን ስታስለቅቅ ስለ መርከቧ ነበር የምታስበው ወይስ ስለ እኔ?»

ኮማንደሩ ከሃያ ዓመት በላይ መርከበኞችን ሲያዙ የኖሩ ሰው ናቸው። መልስ አጥተው አያውቁም። አሁን እጃቸው የወንበሩን ክንድ ፈለገ።

«አላውቅም» አሉ በመጨረሻ። ድምፃቸው የሽማግሌ ድምፅ ሆነ። «የመን ቁጭ ብዬ ሌላ ሥራ አልነበረኝም፤ ራሴን የጠየቅኩት ይሄንኑ ነው። ለመርከቧ ነው እላለሁ። ከዚያ ፊቱ ይመጣብኛል። አላውቅም፣ ልጄ።»

«አዎ» ቢሉ ትጠላቸው ነበር። «አይደለም» ቢሉ ምናልባት ታምናቸው ነበር። «አላውቅም» ግን የሚጨበጥ ነገር አልሰጣትም። በረንዳው ላይ ቆማ፣ የሚወዷት ሁለት ሰዎች መሀል፣ ወላጅ አልባ የሆነች መሰላት።

* * *

ለታዲዎስ በማግስቱ ቢሮው ድረስ ሄዳ ነገረችው። ሌላ ሰው ከሚነግረው እሷ መናገር ነበረባት። ታዲዎስ አልተቆጣም። መነጽሩን አውልቆ ጠረጴዛው ላይ አደረገና፣ «እሱ በሕይወት እንዳለ ባታውቂ ታገቢኝ ነበር?» አላት።

«አገባህ ነበር።»

«እድሜ ልክሽን እሱን እያሰብሽ?»

መልሷን አልጠበቀም፤ ወንበሩን ወደ መስኮቱ አዞረ። ደረጃውን ስትወርድ ገመድ የለቀቀችው እሷ እንደሆነች ተሰማት። ይህ ሰው ምን አደረጋት? ምንም። ጉተማስ አባቷን ምን አድርጎ ነበር?

ከዚያ ወደ ቂርቆስ ሄደች። ጉተማ እዚያ ወፍጮ ቤት ውስጥ ሥራ ይዞ ነበር፤ ያረጀውን የናፍታ ሞተር ይጠግናል። ስትገባ ሴቶች እህላቸውን ይዘው ተሰልፈዋል፤ ሞተሩ ይንደቀደቃል፤ አየሩ ዱቄት ነው። እንዳያት ሞተሩን አጠፋው። ድንገት የመጣው ጸጥታ ሁለቱንም አሳፈራቸው። በጓሮው በር ወጥተው ጆንያ ላይ ተቀመጡ።

ሁሉንም ነገረችው፤ ሹፌሩን፣ እናቷን፣ አባቷ ያሉትን፣ ታዲዎስን። እሱ እጁን በጨርቅ እየጠረገ ሰማት። የአባቷን «አላውቅም» ስትነግረው ብቻ እጁ ቆመ።

«ይሄን አሉ?»

«ይሄን አለ።»

«ከጠበቅኩት ይሻላል» አለ ጉተማ። «እሳቸውን ከዚያው ቀን ጀምሮ ጠልቻቸዋለሁ። ግን ደግሞ ይገባኛል። መድፍ ነበር፣ ሕፃናት ነበሩ። እኔ በሳቸው ቦታ ብሆን ምን እንደማደርግ አላውቅም።»

ፍሬሰላም ልቧ ቀለል አለ። «እንግዲያው አለቀ» አለች። «ሰርጉ ቀርቷል። ከዚያ ቤት ወጥቻለሁ፤ ሻንጣዬ እትዬ ለተገብርኤል ጋ ነው። ማንም የሚከለክለን የለም፣ ጉተማ። ሽማግሌ እንኳ አያስፈልግም።»

አላቀፋትም። ጨርቁን ጉልበቱ ላይ አጠፈው።

«አባትሽ ጥለውኝ ሄዱ። ግን እሳቸው አይወዱኝም ነበር፤ ዕዳ የለባቸውም» አለ። «አንቺ አመንሻቸው።»

«አባቴ ነው እኮ። እንዴት…»

«አውቃለሁ። ግን ከአንቺ ጋር እዚያ ጀልባ ላይ ስንት ማታ ተቀምጠናል? ስንት ነገር ነግሬሻለሁ? ሴት አለችው ሲሉሽ፣ ‹አይ፣ የኔ ጉተማ እንዲህ አያደርግም› ያልሽው ለምን ያህል ጊዜ ነው? አንድ ወር? አንድ ሳምንት?»

ፍሬሰላም ዋሽታ «ብዙ» ልትለው ትችል ነበር። በዚህ ቤተሰብ ውስጥ ግን ውሸት በዝቷል።

«አንድ ሌሊት» አለች።

ጉተማ ራሱን ነቀነቀ። የሚያውቀውን ነገር የሰማ ሰው መሰለ። ዐይኑ ሲሞላ አየችው፤ ዱቄቱ ላይ አንድ መስመር ወረደ።

«እስር ቤት ሆኜ፣ ጀልባዋ ላይ ሆኜ፣ አንድም ቀን ሌላ ሰው አገባች ብዬ አላሰብኩም። ሙሐሲን መጥቶ መልስ የለም ሲለኝም አላመንኩም። ከትናንት ወዲያ ካርዱን እጅሽ ላይ አይቼ እንኳ ‹የማን ሰርግ ነው› ብዬ ነው የጠየቅኩሽ። የአንቺ ይሆናል ብዬ አልገመትኩም።» የሸሚዙን እጅጌ ፊቱ ላይ አሳለፈ። «አልተቀየምኩሽም። እመኚኝ፣ ፈልጌ ቂም አጣሁ። ግን ባገባሽ፣ አንድ ቀን ሰው ሌላ ወሬ ይነግርሽና ሲነጋ ትሄጃለሽ ብዬ እየፈራሁ ነው የምኖረው። በዚያ ፍርሃት አንቺንም አሰቃይሻለሁ።»

«አሁን አውቄያለሁ። እንደገና አላምንም፤ ማንንም አላምንም።»

«እሱማ ደግሞ ሌላ ችግር ነው» አለ፤ ለመሳቅ ሞከረና አልሆነለትም።

ባሕር ዳር ሊሄድ መሆኑን ነገራት። ጣና ላይ ለሚሠሩ ጀልባዎች ሞተር የሚያውቅ ሰው ይፈለጋል፤ የቀድሞ ጓደኞቹ ጠርተውታል። «ውሃ ላይ ካልሆንኩ እንቅልፍ አይወስደኝም» አለ።

«ልምጣ?» አለች ፍሬሰላም። በሕይወቷ ለማንም እንዲህ ለምና አታውቅም። «ዛሬ አይደለም። ስትረጋጋ። ስትጠራኝ።»

ከውስጥ ሴቶቹ «ሞተሩ አይነሳም እንዴ?» ይላሉ። ጉተማ ሊነሳ ሲል፣ ጣት በጎደለው እጁ ራሷ ላይ ያረፈውን ዱቄት አራገፈላት። ቀስ ብሎ፣ ግንባሯን ሳይነካ። እንደዚያ ያለ ነገር የሚደረገው ለሚሸኙት ሰው እንደሆነ ገባት።

«አትጠብቂኝ፣ ፍሬ» አለ። «ጠብቂኝ ብዬ ልኬ አይቻለሁ።»

ሞተሩ ተነሳ። ከዚያ በኋላ ብትናገርም አይሰማትም ነበር።

* * *

በሚያዝያ መጨረሻ ካዛንቺስ ግቢ ውስጥ ድንኳን አልተተከለም። የሰፈሩ ሰው ጠየቀ፣ አወራ፣ ተወው። ኮማንደር ገብረጻድቃን እሑድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ እስከ እትዬ ለተገብርኤል በር ይመጣሉ። እትዬ ለተገብርኤል አያስገቧቸውም፣ አያባርሯቸውም። ኮማንደሩ ጥቂት ቆመው፣ ልጃቸው ደህና መሆኗን ከአጥር ውጭ ጠይቀው፣ ይመለሳሉ። ፍሬሰላም ከውስጥ ሆና የእግራቸውን ድምፅ ትሰማለች። አንድ ቀን እንደምትወጣ ታውቃለች፤ መቼ እንደሆነ ግን ለራሷም አልነገረችም።

ጉተማ ወደ ባሕር ዳር በሄደ ማግስት፣ እትዬ ለተገብርኤል ምሳ አቅርበው እንድትበላ እየለመኗት ነበር። ፍሬሰላም ጎርሳ፣ ማኘክ አቅቷት፣ እጇን መለሰች።

«እንዲያው አንድ ነገር ልጠይቅሽ» አሉ ሴትዮዋ። «ይቅር አላለሽም ማለት ነው? ጉተማ እንዲህ ልቡ ድንጋይ የሆነ ሰው አልነበረም።»

ፍሬሰላም ቀና ብላ አየቻቸው። እሳቸውም ባላቸውን ያጡት በዚያው ገመድ መሆኑ ትዝ አላት፤ እሷን ደግሞ ቤታቸው አስገብተው ያጎርሷታል። ያን ጊዜ፣ ጉተማ ከሄደ ወዲህ እምቢ ያላት እንባ መጣ።

«ይቅርማ ብሎኛል፣ እትዬ» አለች። «ይቅር ብሎኝ ነው የሄደው።»